ዘበኛው ስም አልነበረውም

ከአዲስ አበባ ነቀምቴ 330 ኪሎ ሜትር ያህል ነው። ሆለታ፣ ጊንጪ፣ አምቦ፣ ጉደር፣ ጌዶ፣ ባኮ፣ ሲሬ እያላችሁ ቀኑን ስትጓዙ ውላችሁ ጉቶ ጊዳ መሬት ስትደርሱ ወገባችሁ የራሳችሁ አይመስላችሁም። በ1990ዎቹ ማብቂያ ግድም በዚህ መንገድ ስመላለስ፣ የአውቶቡስ ባለቤቶች ለዚህ ድካም አንድ መላ ዘይደው ነበር። ከሾፌሩ ጀርባ ትንሽ ቴሌቪዥን ሰቀሉ። እስከ አምቦ እንደ ሾፌሩ ሃይማኖት መዝሙር ወይም መንዙማ፣ ወይም ሃይማኖቱ ላላ ያለ ከሆነ ዘፈን እንሰማለን። ከአምቦ በኋላ ፊልም ነው። ፊልሙ ምን እንደሚሆን ለመገመት ነቢይ መሆን አያስፈልግም፤ ሚስተር ቢን ነው።

አንድ ቀን አጠገቤ የተቀመጡት ጠና ያሉ ሴት ነበሩ። ልጃቸው አዲስ አበባ ወልዳ፣ አራስ ሲጠይቁ ከርመው መመለሳቸው ነው። ከኦሮምኛ በቀር ሌላ ቋንቋ አይናገሩም። አዴ እያልኩ አወራቸው ጀመር። ጌዶን ስናልፍ በቴሌቪዥኑ ላይ ሚስተር ቢን ቤተ ክርስቲያን ገባ። ስብከቱ ረዝሞበታል። ያስነጥሰዋል፤ መሐረብ የለውም። እንቅልፍ ያዳፋዋል። ከረሜላ በድብቅ ሊበላ ይታገላል። መዝሙር ሲጀመር ግጥሙን ስለማያውቀው ያጉረመርምና «ሃሌ ሉያ» የምትለዋ ስትደርስ ብቻ ጣሪያ እስኪነቃነቅ ይጮኻል። አውቶቡሱ በሳቅ አበደ። ኦርቶዶክሱም፣ ጴንጤውም፣ ሙስሊሙም ሳቀ፤ ስብከት ላይ ያላንቀላፋ ማን አለ?

አዴም ስቀው ስቀው እንባቸውን በነጠላቸው ጠረጉና እንዲህ አሉኝ፦ «እኔን የሚያስቀኝ እሱ አይደለም። ያ አጠገቡ የተቀመጠው ነው። ምስኪን! ምን በድሎ ነው ከዚህ ጋር ያስቀመጡት?»

እኔ በዚያን ጊዜ ሥነ ጽሑፍ አስተማሪ ነበርኩ። ስለ ኮሜዲ ስንት ሴሚስተር ሳስተምር ያልገለጽኩትን ነገር ሴትዮዋ በሁለት ዐረፍተ ነገር ጨረሱት። ቁም ነገሩ አጠገቡ ያለው ሰው ነው። ያ ሰው ፊቱን አኮሳትሮ፣ ክብሩን ጠብቆ፣ ለመጸለይ የመጣ ባይሆን ኖሮ የሚስተር ቢን ማንቀላፋት ማንቀላፋት ብቻ ይሆን ነበር። ተዋናዩ ሪቻርድ ብራየርስ ይባላል፤ በአገሩ በራሱ ሥራ የታወቀ ሰው ነው። እዚህ ግን እንደ አጃቢ ተቀምጦ ሙሉ ሰው ሆነ። መቀመጫው የሱ ነው፤ መዝሙሩ የሱ ነው፤ መታወክ የሌለበት ሰው ስለሆነ ነው መታወኩ የሚያስቀን።

ፊልሙ አልቆ የሠሪዎቹ ስም ከታች ወደ ላይ መውጣት ሲጀምር ረዳቱ ጠቅ አድርጎ አጠፋው። ሁልጊዜ እንደዚህ ነው። አገር ምድሩ ሚስተር ቢንን ያውቃል፤ ሚስተር ቢንን የጻፉትን ግን ረዳቱ አጥፍቷቸዋል።

ከነዚያ ስሞች መካከል ሮቢን ድሪስኮል የሚባል አለ። ዛሬ ስለሱ ትንሽ ማውራት የምፈልገው ዝነኛ ስለሆነ ሳይሆን ስላልሆነ ነው። ድሪስኮል ብራይተን በምትባለው የእንግሊዝ የባሕር ዳርቻ ከተማ «ክሊፍሃንገር» በሚል ስም ከጓደኞቹ ጋር በአነስተኛ የቴአትር ቡድን የጀመረ ሰው ነው። ቡድኑ ራሱ ይጽፋል፣ ራሱ ይጫወታል። በ1984 እ.ኤ.አ. ከመድረክ ሥራቸው አንዱ ወደ ቴሌቪዥን ተዛወረ። ሚስተር ቢን በጥር 1 ቀን 1990 እ.ኤ.አ. ሲጀምር የመጀመሪያውን ክፍል፣ ማለትም አዴን ያሳቀውን የቤተ ክርስቲያን ትዕይንት ያለበትን፣ የጻፉት ሮዋን አትኪንሰን፣ ሪቻርድ ኩርቲስና ቤን ኤልተን ነበሩ። በኋላ በመጡት ክፍሎች ላይ ድሪስኮል ገባ፤ ከአትኪንሰንና ከኩርቲስ ጋር ሆኖ ጻፈ። ተከታታዩ እስከ 1995 ድረስ በ15 ክፍሎች ብቻ ተጠናቀቀ። አስራ አምስት! የኛ ድራማዎች በአንድ ወቅት የሚጨርሱትን እነሱ በስድስት ዓመት ነው የሠሩት።

ድሪስኮል በጻፋቸው ክፍሎች ውስጥ በትንንሽ ሚናዎች ብቅ ይላል። አንድ ጥግ ላይ ይቆማል፤ የሆነ ነገር ይደርስበታል፤ ይሄዳል። ደራሲ ሆኖ፣ ራሱ በጻፈው ላይ፣ ትልቁን ሚና ለሌላ ሰው ሰጥቶ ትንሿን መያዝ ምን ማለት እንደሆነ አስቡት። እኛ ጋ ደራሲው ሲጫወት መሪ ተዋናይ ካልሆነ እንደ ውርደት ይቆጠራል። ለኔ ግን የድሪስኮል የሙያ ጥበብ ያለው እዚያ ላይ ነው። ጥግ ላይ ቆሞ የሚያውቅ ደራሲ፣ ጥግ ላይ ላለው ሰው መጻፍ ያውቃል።

በ1997 እ.ኤ.አ. ድሪስኮልና ኩርቲስ ሚስተር ቢንን ለሲኒማ ጻፉት። ፊልሙ በዓለም ዙሪያ ከ250 ሚሊዮን ዶላር በላይ አስገባ። እንደ ሥራ ከቴሌቪዥኑ ያንሳል ባይ ነኝ፤ ሰውዬው ብዙ ይናገራል፣ ታሪኩም እንደ አሜሪካ ፊልም ለሁሉም ነገር ማብራሪያ ለመስጠት ይጣደፋል። ሐሳቡ ግን ተንኮለኛ ነው። ሚስተር ቢን እዚያ ለንደን በሚገኝ የሥዕል ቤተ መዘክር ውስጥ ዘበኛ ነው። አዎ፣ ዘበኛ። አለቆቹ ሊገላገሉት ስለፈለጉ ወደ ሎስ አንጀለስ ይልኩታል፤ አሜሪካኖቹ ደግሞ የሥዕል ሊቅ ዶክተር መጣ ብለው ይቀበሉታል። ዝም ሲል ጥልቅ ነው ይላሉ። ግራ ሲገባው እየተመራመረ ነው ይላሉ። ታዲያ እዚህ ላይ የሚሳቀው በማነው? በዘበኛው ይመስላል፤ ነገር ግን ዝምታን ዕውቀት ብለው በተረጎሙት ምሁራን ነው። ይህችን ነጥብ ያዙልኝ፤ ኋላ እመለስባታለሁ።

እንግዲህ ወደ ቤታችን እንግባ። የእኛ ዘመናዊ ቴአትር የተጀመረው በኮሜዲ ነው ሲባል ብዙ ሰው ይገርመዋል። በ1910ሮቹ መጀመሪያ ተክለ ሐዋርያት ተክለ ማርያም ከውጭ ተምሮ መጥቶ «ፋቡላ፦ የአውሬዎች ኮሜዲያ»ን ጻፈ። አውሬዎቹ ሲናገሩ ሹማምንቱ ራሳቸውን ሰሙ። ውጤቱ እገዳ ነበር። ከዚያ በኋላ ኮሜዲያችን ለብዙ ዘመን በጥንቃቄ ነው የሳቀው።

ይህን ጥንቃቄ ወደ ጥበብ የለወጠው፣ ለኔ፣ መንግሥቱ ለማ ነው። የቅኔ ሊቅ የአለቃ ለማ ኃይሉ ልጅ ነው። በ1940ዎቹ መጀመሪያ ለትምህርት ለንደን ሄደ። ኢኮኖሚክስ ሊማር ሄዶ በርናርድ ሾውን ወዶ ተመለሰ፤ መንግሥት የላከው ለአንድ ነገር፣ እሱ ያመጣው ሌላ ነገር። በ1950ዎቹ «ጠልፎ በኪሴ»ን እና «ያላቻ ጋብቻ»ን ሰጠን። ኋላም በአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ ቴአትር ሲያስተምር ኖሮ በ1980 ዓ.ም. ዐረፈ። እኔ ዩኒቨርሲቲ የገባሁት እሱ ከሞተ በኋላ ነው፤ ወንበሩን እንጂ ሰውየውን አላገኘሁትም።

እነዚህን ሁለት ኮሜዲዎች ለዓመታት አስተምሬአቸዋለሁ። አሁን ሳስባቸው የሚገርመኝ የሳቁ አቅጣጫ ነው። በ«ጠልፎ በኪሴ» የሚሳቅባቸው የተማሩት የከተማ ጎረምሶች ናቸው፤ አባቶቻችን እንደሚያደርጉት ጠልፈን እናግባ ብለው የሚውተረተሩት። በ«ያላቻ ጋብቻ» ደግሞ ከውጭ ተምሮ የመጣው የትልቅ ሰው ልጅ ገጠር ወርዶ ያስተምራል፤ የቤት ሠራተኛውን ይወድዳል፤ ዘመዶቹ ሰማይ ተደፋብን ይላሉ። ሠራተኛዋ በሌላ ደራሲ እጅ ብትወድቅ ኖሮ ቡና አቅርባ፣ ሁለት ቃል ተሳስታ፣ አስቃ ትወጣ ነበር። መንግሥቱ ለማ ግን የቴአትሩ ጥያቄ ራሷ እንድትሆን አደረጋት። ርዕሱን ተመልከቱት፤ አቻ አይደለችም የሚለው የማን ቃል ነው? የዘመዶቹ ነው። ደራሲው የነሱን ቃል ወስዶ ደጃፉ ላይ ሰቀለውና በውስጥ ደግሞ ሳቀበት።

ሌላም ነገር ልጨምር። የእንግሊዛዊውን የፕሪስትሊን ታዋቂ ቴአትር «ጠያቂ» በሚል ርዕስ ወደ አማርኛ የመለሰው እሱ ነው። በዚያ ቴአትር ውስጥ አንዲት ድሃ ሠራተኛ ልጅ አለች፤ የሀብታሞቹ ቤተሰብ አባላት እያንዳንዳቸው በየተራቸው በድለዋታል። ልጅቷ መድረክ ላይ አንድም ጊዜ አትወጣም። ግን ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ የሚወራው ስለሷ ነው። መንግሥቱ ለማ ይህን ለምን እንደመረጠ መገመት አያስቸግርም። ጥግ ላይ ያለውን ሰው ሲፈልግ የኖረ ደራሲ ነው።

ታዲያ ከሱ በኋላ ምን ሆንን? ብዙ አስቂኝ ሰዎች ወጥተዋል፤ አለባቸው ተካና ልመንህ ታደሰ፣ ደረጀ ኃይሌና ሀብቴ ምትኩ አገር አስቀዋል። ሁለት ሁለት ሆነው መሥራታቸውን ልብ በሉ፤ አንዱ ካልተናደደ ሌላው አያስቅም። ይህን ያውቁ ነበር። እኔ የማወራው ስለ ስመ ጥሮቹ አይደለም። ስለ ተራው፣ ስለ የዕለት ተዕለቱ ኮሜዲያችን ነው፤ ስለ ትምህርት ቤት ጭውውት፣ ስለ በዓል ዝግጅት፣ ስለ ቪሲዲው፣ ስለ ቪዲዮ ቤቱ። እዚያ አጃቢ ሚና የሚታደለው በቅላጼ ነው። ባለሱቅ ካስፈለገ የጉራጌ ቅላጼ ይመጣል። ሠራተኛ ካስፈለገች የገጠር አማርኛ። ዘበኛ ካስፈለገ ደግሞ አማርኛው የተሰባበረ ሰው ተፈልጎ ካቦርት ይደረብለታል፣ ዱላ ይያዛል፣ «እሱ መጣች» ይላል። በቃ። አዳራሹ ይስቃል። ሰውየው ምን አለ? ማንም አልሰማውም። ምን ፈለገ? ማንም አልጠየቀውም። ያስቀው የሐሳቡ ስህተት ሳይሆን የእናቱ ቋንቋ ሰዋስው ነው።

ይህ የኛ ብቻ በሽታ ነው አልልም። እንግሊዞች በ1975 እና በ1979 እ.ኤ.አ. የተላለፈ «ፎልቲ ታወርስ» የተባለ ድንቅ የሆቴል ኮሜዲ አላቸው፤ ጆን ክሊዝና ኮኒ ቡዝ የጻፉት። ቡዝ ራሷ አስተናጋጅ ሆና ተጫውታለች። በዚያ ሆቴል ውስጥ ማኑኤል የሚባል እንግሊዝኛ የማይገባው የባርሴሎና ሰው አለ። ተከታታዩ ስፔን ሲደርስ ምን እንዳደረጉ ታውቃላችሁ? ማኑኤልን ጣሊያናዊ አደረጉት። ነገሩ ያስቃል፤ ግን ደግሞ ሁሉን ይናገራል። ሁሉም አገር የሚስቅበት ሰው ይፈልጋል፤ ያ ሰው የጎረቤት ልጅ እስከሆነ ድረስ። ለማኑኤል ግን አንድ ነገር ልመስክር፤ ስም አለው፣ አገር አለው፣ ኩራት አለው። ከሱ ይልቅ የሚዋረደው በብዛት ጌታው ነው።

አሁን ደግሞ ኑዛዜ።

እኔ የነቀምቴ ልጅ ነኝ። አባቴ ከሸዋ የመጣ መምህር፣ እናቴ የሌቃ ተወላጅ ነበሩ። በሁለት ቋንቋ ነው ያደግሁት። አዲስ አበባ ለትምህርት ስገባ የዶርም ልጆች አማርኛዬን እየሰሙ ይንከተከቱ ነበር። ክፋት አልነበራቸውም፤ ፍቅርም ነበረበት። እኔ ግን ቅላጼዬን እንደ ጢም ላጨሁት። በሁለት ዓመት ውስጥ ከጋዜጠኛ የማይለይ አማርኛ ይዤ ቁጭ አልኩ። አስተማሪ ሆኜ ስመለስ ደግሞ የሌላውን ለመላጨት ምላጭ ይዤ ነው የመጣሁት።

በ1990ዎቹ መጀመሪያ በማስተምርበት ኮሌጅ ለዓመቱ መዝጊያ አንዲት አጭር ኮሜዲ ጻፍኩ። ራሴ ነኝ የጻፍኳት፤ ራሴ ነኝ ያዘጋጀኋት። በውስጧ ዘበኛ አለ። ሚናውን ለማን ሰጠሁት? ከክፍሉ ሁሉ ጎበዝ አንባቢ ለነበረው፣ ግን አማርኛው ገና የገጠር ለነበረው ልጅ። ከጉቶ ጊዳ ገጠር በእግሩ እየተመላለሰ የተማረ ልጅ ነው። ስሰጠው አላሰብኩበትም። ያላሰብኩበት መሆኑ ነው ጥፋቱ። በልምምዱ ሦስተኛ ቀን ወረቀቱን ይዞ መጣና፣

«መምህር፣ አንድ ጥያቄ ነበረኝ» አለኝ።

«እሺ።»

«ሁሉም ስም አላቸው። ውሻውም ስም አለው። ዘበኛው ለምንድን ነው ስም የሌለው?»

እውነት ነው። ውሻውን «ቦቢ» ብዬዋለሁ። ዘበኛው «ዘበኛ» ነው። ያን ጊዜ የሰጠሁት መልስ እስከ ዛሬ ያሳፍረኛል፤ «ስም ቢኖረው ምን ይጠቅመዋል? ሁለት ቃል ነው የሚናገረው» አልኩት። ፊቱን አየሁና ደግሞ ነገሩን ለማለዘብ ብዬ «እንዲያውም ንግግሩን ተወው። ሚስተር ቢንን ታውቀዋለህ አይደል? ዝም ብለህ ተጫወተው» አልኩ። ትልቅ ዘዴ ያመጣሁ መስሎኝ ነበር።

ልጁ ዝም ብሎ ተጫወተው። እንዴት አድርጎ! በሩን ሲከፍት፣ ሲዘጋ፣ ጌታዬን ልጥራ አልጥራ ብሎ ሲያመነታ፣ የወደቀውን ቁልፍ እንዳላየ ሲያልፍ፣ አዳራሹ ወለሉን በእግሩ ይደበድብ ነበር። ከሌሎቹ ሁሉ የበለጠ የተጨበጨበለት ለሱ ነው። ከመጋረጃ ጀርባ አቀፍኩት። «አየህ!» አልኩት፤ «ሰዉን ሁሉ ገዛኸው!»

«መምህር» አለኝ፣ «ዝም ካልኩ ነው የሚቀበሉኝ ማለት ነው?»

ከዚያ በኋላ ወደ ቴአትር ክበቡ አልመጣም።

ቀደም ብዬ ነጥብ ያዙልኝ ያልኩት ለዚህ ነው። በ1997ቱ ፊልም ዘበኛው ዝም ሲል ምሁራኑ ሊቅ ነው ይሉታል። ደራሲዎቹ የሚስቁት በምሁራኑ ነው። በኔ መድረክ ላይም ያው ሆነ፤ ዘበኛው ዝም አለ፣ ምሁሩ አጨበጨበ። ልዩነቱ የኔዋ ኮሜዲ በኔ ላይ የምትስቅ መሆኗን ያወቅሁት ከዓመታት በኋላ፣ ጌዶና ባኮ መካከል፣ አዴ «ምን በድሎ ነው ከዚህ ጋር ያስቀመጡት?» ሲሉ ነው።

አበው «ጥርስ ባዳ ነው» ይላሉ። ሐዘን ቤትም ቢሆን ይስቃል፤ ባለቤቱን አይጠይቅም። እውነት ነው፣ አዳራሽ ሙሉ ሰው ከሳቀ በኋላ «ለምን ሳቃችሁ?» ብሎ መቆጣት ሞኝነት ነው። ተመልካቹን አልከስም። ግን ደራሲው ጥርስ አይደለም። ደራሲው ሳቁ ከመምጣቱ በፊት ወረቀት ይዞ ብቻውን የተቀመጠ ሰው ነው። ውሻው ስም እንዳለው፣ ዘበኛው እንደሌለው ማየት የሱ ሥራ ነበር።

«እንግዲያው በቅላጼ አይሳቅ?» የሚለኝ ይኖራል። እንዲህስ አልልም። ወለጋ ውስጥ የሚቀለደውን የሚያውቅ ሰው እንዲህ አይልም። የነቀምቴ ሰው በደምቢ ዶሎው አነጋገር ይቀልዳል፣ የደምቢ ዶሎውም አጸፋውን አያስቀርም። ሁለቱም ቡና ቀላ እየቆረጠሙ አብረው ይስቃሉ። ቀልዱ ተመላላሽ ነው። እኔ የምቃወመው የማይመላለሰውን ነው፤ አንዱ ሁልጊዜ ሳሎን ተቀምጦ፣ ሌላው ሁልጊዜ በር ላይ ቆሞ የሚሳቅበትን። ደግሞ ይህ ነገር የአማርኛ ብቻ አይደለም። ዛሬ በኦሮምኛ የሚሠሩ ጭውውቶች ብዙ ናቸው፤ ደስ ይላል። ነገር ግን ከነሱም መካከል ኦሮምኛው ያልጠራውን እንግዳ ብቻ እያመጡ የሚያስቁ አይቻለሁ። ካቦርቱ ተወርሷል፤ የለበሰው ሰው ብቻ ተቀየረ። ወንበር መቀያየር ኮሜዲን አያሻሽልም።

መፍትሔው ሩቅ አይደለም። ከዚሁ ከወለጋ ታሪክ ውስጥ አለ። በ1894 እ.ኤ.አ. ኦኔሲሞስ ነሲብና አስቴር ጋኖ ያዘጋጁት የኦሮምኛ የንባብ መጽሐፍ ታትሞ ነበር። አስቴር ከባርነት ነፃ የወጣች ወጣት ሴት ናት። ዘፈኖችን፣ ተረቶችን፣ አባባሎችን ከትዝታዋ እያወጣች ጻፈች። ስለ ሕዝቡ አስቂኝ ነገር አልጻፈችም፤ ሕዝቡ ራሱ የሚስቅበትን ነው የጻፈችው። መንግሥቱ ለማም የአባቱን ጨዋታና ትዝታ ከአንደበታቸው ተቀብሎ መጽሐፍ አድርጎታል። ሁለቱን አንድ የሚያደርጋቸው ከመጻፋቸው በፊት ማዳመጣቸው ነው። ዘበኛ የሚጽፍ ሰው አንድ ሌሊት ከዘበኛ ጋር እሳት ሙቆ ያውቃል? የኔ መልስ አላውቅም የሚል ነበር።

በቅርብ ዓመታት ጥሩ ምልክት አይቻለሁ። በፋና ቴሌቪዥን ይታይ የነበረው «ምን ልታዘዝ» ለምሳሌ አገሩን ሁሉ ወደ አንድ ካፌ አስገብቶ ነበር። ታዛዦቹ ማዕከል ሆኑ፤ አለቅየው ደግሞ መሳቂያ። የሳቁ አቅጣጫ ከታች ወደ ላይ ነበር፤ ከተክለ ሐዋርያት አውሬዎች ጀምሮ በእኛ አገር እንዲህ ያለው ሳቅ ዕድሜው አይረዝምም እንጂ።

አሁን የመጨረሻዋን ልንገራችሁ።

ባለፈው ዓመት ነቀምቴ ባኬ ጃማ አካባቢ አንድ ሰው ከኋላዬ «መምህር!» ብሎ ጠራኝ። ዘወር ስል ያ ልጅ ነው። ልጅ አልኩት እንጂ ሽበት ጀምሮታል። አስተማሪ ሆኗል። ቅዳሜ ቅዳሜ ከተማሪዎቹ ጋር በኦሮምኛ ትንንሽ ቴአትር እንደሚሠራ ነገረኝና «ይምጡና ይዩልን» አለ። ሄድኩ። የቆርቆሮ ጣሪያ ያለው አዳራሽ ነው፤ ልጆቹ አግዳሚ ላይ ተጨናንቀዋል። በቴአትሩ ውስጥ አንድ መምህር አለ። ቀጭን፣ ባለ መነጽር። ሰው «ደህና አደሩ» ባለው ቁጥር መልስ ከመስጠቱ በፊት አነባበቡን ያርመዋል። ቤቱ እየተቃጠለ ጎረቤት «እሳት! እሳት!» እያለ ሲሮጥ እንኳ «ጠበቅ አድርገህ በለው» ይለዋል። አዳራሹ ተንቀጠቀጠ። እኔም ሳቅሁ፤ ጥርስ ባዳ ነው አላልኳችሁም?

ደራሲው መድረኩ ላይ አንዲት ትንሽ ሚና ይዞ ነበር። የእሳቱን ውሃ የሚያመላልስ ጎረቤት ሆኖ፣ ሁለት ጊዜ ገብቶ ወጣ።

ሲያልቅ ልሰናበተው ተጠጋሁ። ምን እንደምል ጠፋኝና፣ «መምህሩ ስም አለው?» አልኩት።

«አለው እንጂ፣ መምህር» አለኝ እጄን እንደያዘ። «ስም ሳልሰጠው ቀርቼ! ግን የእርስዎን አይደለም።»